እርግማን በቀላል አማርኛ

ነቀምቴ ውስጥ ጥንታዊ የእንግሊዝኛ ተውኔት አስተምራለሁ። ይህን ስናገር ሰው ሁሉ መጀመሪያ የሚጠይቀኝ «ለማን?» ብሎ ነው። ለዩኒቨርሲቲ የመጨረሻ ዓመት ተማሪዎች ነው። ተውኔቱ አራት መቶ ዓመት ገደማ ያስቆጠረ፣ አምስት ገቢር ያለው፣ አንድ ባለ ወፍጮ ሽማግሌና ጥሎት ወደ ከተማ የሄደ ልጁ የተጣሉበት ታሪክ ነው። ደራሲው «ደህና ሁን» ለማለት ሃያ መስመር ይፈጅበታል።

ተማሪዎቼ ተውኔቱን ሳያነቡ ፈተናውን ያልፉ ነበር። ከግቢው በር ፊት ለፊት ያለው ፎቶ ኮፒ ቤት አራት ገጽ ማስታወሻ ይሸጣል። አንድ ዓመት ክፍሉ በሙሉ ሽማግሌው የዘመኑን የኢኮኖሚ ሽግግር እንደሚወክል ጻፈልኝ። ሽማግሌው የሚወክለው ልጁ የሄደበትን ሰው ነው ብዬ ብናገር ማንም አልጻፈልኝም፤ ማስታወሻው ላይ የለማ።

ስለዚህ ተውኔቱን ማንም ሊያነበው በሚችል ቀላል እንግሊዝኛ ልጽፈው ተነሣሁ። የመጀመሪያዎቹን ሁለት ገቢሮች በአንድ ክረምት ጨረስኩ። ሦስተኛው ላይ አባት ልጁን ይረግማል። እዚያ ስደርስ ሻይ ያምረኛል፤ ያልታረመ ወረቀት ትዝ ይለኛል፤ ጫማዬን መጥረግ እጀምራለሁ። ሥራው በዚህ ሁኔታ ስምንት ዓመት ሞላው። የሥራ ባልደረቦቼ መጽሐፉ ምን ደረሰ ብለው መጠየቅ ከተዉ ቆይተዋል።

ባለፈው ዓመት ማንበቡ እንደማይሆን ቆርጬ፣ ቆመው እንዲሠሩት ወሰንኩ። ከክፍሉ ሁሉ አሳምራ የምታነበው አንዲት ልጅ ስለነበረች የባለ ወፍጮውን ወንድ ልጅ ሴት አደረግሁት። ደራሲው ቅሬታ አላቀረበም። አባትየውን እንዲሠራ የመረጥኩት ረጋ ያለ፣ ቤተሰቡ ከኪራሙ ተፈናቅሎ የመጣ ተማሪ ነው።

እርግማኑን በእንግሊዝኛ ሲለማመዱት ምንም ችግር አልነበረም። እሱ ረገማት፤ እሷም ማስቲካ እያኘከች ተረገመች። ይሄኔ ነው የተናደድኩት።

«ምን እንዳለሽ ገብቶሻል?» አልኳት።

«አዎ መምህር። ተቆጥቷል።»

«አልተቆጣም። ረግሞሻል! በል አንተ፣ በአማርኛ በላት።»

ልጁ ወረቀቱን አጠፈና ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠ። «መምህር፣ ይቅርታ። ከኪራሙ ከወጣን ወዲህ ክፉ ቃል ከአፌ አላወጣም። በእንግሊዝኛ ካሉኝ አሥር ጊዜ እለዋለሁ።»

ቀሪዎቹንም ጠየቅሁ። አንዱ መስኮት መስኮቱን አየ፤ ሌላው በአፋን ኦሮሞም አይሆንም፣ እንዲያውም በዚያማ ጭራሽ አይሆንም አለ። እኔ የተማርኩ ሰው ስለሆንኩ ራሴ ልሠራው ተነሣሁ። ልጅቷ ፊት ቆምኩና በአማርኛ ለቀቅሁት። «የያዝሽው አይባረክ። የረገጥሽው አይለምልም። የጀመርሽው ከዳር አይድረስ።» ማስቲካው ቆመ። የስምንት ዓመት ድካሜ ፍሬ አፈራ ብዬ ደስ አለኝ።

በሚቀጥለው ሳምንት ልጅቷ አልመጣችም። በሁለተኛውም አልመጣችም። በሦስተኛው እናቷ ቢሮዬ መጡ። በከኒሳ ቀሴ በሚባለው ሰፈር የሚኖሩ፣ ገበያ ላይ ቅቤ የሚሸጡ ሴት ናቸው።

«አካም ጅርቱ፣ ባርሲሳ» አሉኝ። ደህና ነዎት ወይ፣ መምህር ማለታቸው ነው። ሰላምታው በአንቱታ ነበር፤ ቀጥሎ የመጣው ግን በአንተ ነው። «ልጄን ምን በድላህ ረገምካት?»

«እናቴ፣ እኔ አልረገምኳትም። ድርሰት ነው። ድሮ የሞተ ፈረንጅ የጻፈው ነው።»

«የሞተ ሰው ነው? ይሄ ባሰ።» ነጠላቸውን አስተካከሉ። «አፉስ የማን ነበር?»

«የእኔ።»

«በል እንግዲህ።»

ከዚያ የሆነውን ነገሩኝ። ከልምምዱ በኋላ ልጅቷ የመውጫ ፈተናውን መለማመጃ ወደቀች። በማግስቱ የተሳፈረችበት ባጃጅ ተገለበጠ፤ እሷ ተርፋ ስልኳ ተሰበረ። አሁን ዋናውን ፈተና አልቀመጥም ብላለች። የጀመርሽው ከዳር አይድረስ ተብያለሁ፤ ታዲያ ለምን እለፋለሁ አለች። አራት ዓመት ቅቤ ሸጬ ያስተማርኳት፣ ፈተናው ሦስት ሳምንት ሲቀረው፣ ልትተወው ነው አሉ እናቷ።

ስንት ዓመት ሳስተምር ተማሪ ከአፌ የወጣውን ቃል አምኖ ሲቀበል ያ የመጀመሪያው ነበር። አፈርኩ። ከማፈርም አልፌ ፈራሁ፤ ያን ቃል በአማርኛ ለማግኘት ለምን አንድ ሰከንድ እንኳ እንዳልፈጀብኝ አውቀው ነበርና።

«ምን ላድርግ?» አልኩ።

«አንተ አሰርክ፤ አንተ ፍታ። ቅዳሜ ጃርሶሊ ይቀመጣሉ።» ሽማግሌዎቹ ማለታቸው ነው።

ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ ቤታቸው ሄድኩ። ሦስት ሽማግሌዎች ተቀምጠዋል። ልጅቷ ከእናቷ ጎን አቀርቅራለች። በዕድሜ የገፉት ሽማግሌ እርጥብ ሣር እጄ ላይ አስያዙኝና «ምርቃቱን አንተው ነህ የምትሰጠው» አሉኝ። የመመረቂያ ቃሌን ሌሊቱን ሙሉ ሳዘጋጅ ስላደርኩ ጉሮሮዬን ጠረግሁ።

«ቆይ። ከባዶ እንስራ ውኃ አይቀዳም። የአባትህ ኤባ አለህ?»

የአባትህ ምርቃት አለህ ወይ ማለታቸው ነው። አለኝ ማለት እችል ነበር። ማን ያውቅብኛል? ግን ሣሩ እጄ ላይ ነበር፤ ልጅቷም ለመጀመሪያ ጊዜ ቀና ብላ አየችኝ።

«የለኝም» አልኩ። «ልጅቷን የረገምኩበት ቃል ከመጽሐፉ አይደለም። የአባቴ ነው።»

ከዚያ ለሚስቴ እንኳ ያልነገርኳትን ነገርኳቸው። አባቴ ሰሜን ሸዋ ውስጥ ወፍጮ ቤት አላቸው። ታላቅ ወንድሜ ሲሞት ትምህርትህን ተውና ወፍጮውን ያዝ አሉኝ። እኔ ወደ ወለጋ ተመድቤ ነበር፤ እንቢ አልኩ። ሻንጣዬን ይዤ ስወጣ ወፍጮው ደጃፍ ላይ ቆመው ሦስቱን ዓረፍተ ነገሮች ተናገሩ። ከዚያ ወዲህ ሰላምታ የምንለዋወጠው በእህቴ በኩል ነው። ከዚህ ሁሉ የእንግሊዝ ተውኔት ባለ ወፍጮውን የመረጥኩት በአጋጣሚ ነው ስል ኖሬያለሁ።

«አባትህ በሕይወት አሉ?»

«አሉ።»

«ስልክ አላቸው?»

«አላቸው።»

«ታዲያ ምን ትጠብቃለህ?»

ደወልኩ። ሽማግሌው ስልኩን ከእጄ ወስደው ድምፁን ከፍ አደረጉት። በመጀመሪያ እሳቸውና አባቴ ስለ ዝናቡ፣ ስለ ከብቱና ስለ ጤናቸው ተጠያየቁ። ከአባቴ በኩል የወፍጮው ሞተር ይሰማል። በመጨረሻ ሽማግሌው «ልጅዎ እዚህ አጠገቤ ነው። ረግመውኝ ነበር ይላል» አሉ።

አባቴ ለአንድ ሰው «ሞተሩን አጥፋው» ሲሉ ሰማሁ። ሞተሩ ጠፋ።

«እሱንማ ያን ዕለት ፀሐይ ሳትጠልቅ አንስቼዋለሁ» አሉ። «እዚያው ደጃፉ ላይ ቆሜ። አውቶቡሱ ሄዶ ነበር።»

«ታዲያ ለምን አልነገርከኝም አባባ?» አልኩ። ድምፄ የራሴ አልመሰለኝም።

«አንተ ለምን አልጠየቅኸኝም?»

አለቀስኩ። ተማሪዬ ፊት፣ ሣር ይዤ፣ እንደ ሕፃን አለቀስኩ። አባቴ ሳይጠየቁ መመረቅ ጀመሩ። ሽማግሌዎቹ የማያውቁትን የሸዋ ሰው ምርቃት በስልክ እየሰሙ በየመሐሉ አሜን ይላሉ። ሲጨርሱ ሽማግሌው በግንባራቸው ወደ ልጅቷ ጠቆሙኝ። ያዘጋጀሁት ቃል በሙሉ ጠፍቶብኝ ነበር። «የጀመርሽው ከዳር ይድረስ» አልኳትና እንትፍ እንትፍ ብዬ ሣሩን ሰጠኋት። እናቷ ከሁሉም በላይ ጮኸው አሜን አሉ።

ልንነሣ ስንል ሽማግሌው ስለ ተውኔቱም ፍርድ ሰጡ። ልጆቹ ይሥሩት፤ እርግማኑ ግን በእንግሊዝኛ ይሁን፤ በዚያ ማንንም አይጎዳም።

ልጅቷ ሰኞ መጣች። ፈተናውን ተቀመጠች፤ አለፈችም። በዚያው ሰሞን ተውኔቱን በግቢው አዳራሽ አሳየን። እኔም አራት መቶ ዓመት የኖረ ጽሑፍ ላይ አንዲት መስመር በአማርኛ ጨመርኩ። በሦስተኛው ገቢር ባለ ወፍጮው ልጁን በእንግሊዝኛ ይረግማል፤ እሷ ትወጣለች፤ በሩ ይዘጋል። ከዚያ የኪራሙው ልጅ ብቻውን ቆሞ ወደ በሩ «አንስቼዋለሁ» ይላል። ልጅቷ አትሰማም።

ይህን ሲል ከፊተኛው ረድፍ እናቷ ብድግ አሉ።

«ኢንተላ ኮ!» ብለው ወደ ተዘጋው በር ጮኹ። «ልጄ! አንስቶልሻል፤ ተመለሺ!»

አዳራሹ ሳቀ። ልጅቷም በሩን ከፍታ አንገቷን ብቅ አደረገች፤ የቀሩትን ሁለት ገቢሮች ማንም አልጠየቀንም። እኔ ከመጋረጃው ኋላ ጽሑፌን ይዤ ያን አውቶቡስ አሰብኩ። መስኮት ዳር ነበር የተቀመጥኩት። አንድ ሰው ቢጮህልኝ ኖሮ እሰማ ነበር።