ሁለት ጣት ጭቃ

ልጅ ሳለሁ ምድር እንደምትራመድ የነገሩን ጋሽ ይመር ነበሩ። ጌጃ ሰፈር፣ ከግቢያችን በር ፊት ለፊት፣ ከአሮጌ በርሜል ቆርቆሮ የከሰል ምድጃ የሚሠሩባት ጠባብ ሱቅ ነበረቻቸው። ያኔ መብራት በፈረቃ ነበር የሚሰጠን። ተራችን ደርሶ በጠፋ ምሽት፣ ጋሽ ይመር መግሪብ ሰግደው ሲመለሱ፣ ቀን የሠሩትን ምድጃ «ትንፋሽ አለው ወይስ የለውም» ብለው ለመሞከር ከሰል ያቀጣጥሉበታል፤ እኛ የሰፈሩ ልጆች ደግሞ ጭሱ ዓይናችንን እያስለቀሰን፣ ፍሙ ፊታችንን እያቀላው፣ ዙሪያውን እንኮለኮላለን።

በወጣትነታቸው አፋር በረሃ ለሚዞሩ ድንጋይ አጥኚ ፈረንጆች ጓዝ ተሸካሚ ነበሩ። ከዚያ ሥራ ይዘውት የመጡት ወሬውን ብቻ ነው። ምላሳቸው ምላጭ ነበር። ያልገባውን ልጅ «አንተ! ድንጋዩ እንኳ ካንተ ይሻላል፣ ቢያንስ ይንቀሳቀሳል» ይሉታል፤ የተሰደበው ልጅ በማግስቱ ተመልሶ ይመጣል። እኔም ስንት ጊዜ ተሰድቤ ተመልሻለሁ።

አንድ ምሽት እርጥብ ጨርቅ ቆርቆሮ ላይ ዘረጉና ሁለት መዳፋቸውን በሁለቱ ጫፍ አሳረፉ።

«ይኼ የህንድ አገር ነው፤ ያ ደግሞ እስያ። ህንድ ድሮ ከኛ ከአፍሪካ ጋር የተጣበቀች ነበረች። ተገንጥላ ሄደች። በዓመት ስንት የምትሄድ ይመስላችኋል?»

አንዱ «እስከ መርካቶ» አለ። የወረደበትን ስድብ እዚህ አልጽፈውም።

«ሁለት ጣት፣ ሦስት ጣት! ጥፍራችሁ የሚያድገውን ያህል። ማንም ስትሄድ አያያትም። ግን አትቆምም፤ ክፋቷ አለመቆሟ ነው።» መዳፎቻቸውን እያቀራረቡ ሲመጡ ጨርቁ መሀሉ ላይ እየታጠፈ፣ እየተሸበሸበ ተነሣ። «ይኸው! መሬት መሄጃ ሲያጣ ወደ ላይ ይወጣል። ሁለቱ እስከ ዛሬም እየተጋፉ ነው፤ እንዲህ የተነሣው ተራራም እስከ ዛሬ እያደገ ነው።»

«እንጦጦስ?» አልኳቸው።

«እንጦጦ እሳት የተፋው ነው። የኛ ምድር እየተቀደደች ነው እንጂ እየተጋጨች አይደለም። ለመጋጨትማ ጌጃ ሰፈር ይበቃናል!»

በዚያ ምሽት እማማ ሽታዬም ነበሩ። በልደታ ማርያም ደጅ ጧፍ የሚሸጡ፣ ከግቢያችን ጥግ አንዲት ክፍል ውስጥ ብቻቸውን የሚኖሩ አሮጊት ናቸው። ከቤተ ክርስቲያን ሲመለሱ መብራት ከጠፋ፣ ሳይሸጥ የተሰበረባቸውን ጧፍ ለጋሽ ይመር ያበሩላቸውና ድንጋይ ላይ ቁጭ ብለው ያዳምጣሉ።

«ይመር፣ በመሀላቸው ምን ነበር?» አሉ።

«ባሕር ነበር።»

«እና ባሕሩ ምን ሆነ?»

ጋሽ ይመር ጨርቁን ጨመቁት፤ ውሃው ፍሙ ላይ ሲንጠባጠብ ችስ አለ። «ተጨፈለቀ። ወለሉ ግማሹ ከስር ተዋጠ፣ ግማሹ ተፍቆ ወደ ላይ ተገፋ። ዛሬ ከደመና በላይ ያለው ተራራ ላይ ቢወጡ፣ የባሕር ቀንድ አውጣ ድንጋይ ሆኖ ያገኙታል። ባሕሩን ግን ማን ይጠይቀዋል፣ እማማ? መሀል የገባ ነው።»

«አይ ምስኪን» አሉ እማማ ሽታዬ።

ለባሕር ያዘነ ሰው አይተን አናውቅም ነበርና በሳቅ ፈነዳን። ከማግስቱ ጀምሮ ስማቸውን «ባሕሯ» አልነው። ሲመጡ «ባሕሯ መጣች!» ብለን እንበተናለን። ጋሽ ይመር ሰምተው እንዳልሰሙ ሆኑ።

እማማ ሽታዬ ከቤታቸው መውጫቸው አንድ ብቻ ነበር፤ በኛ ቤትና በልብስ ሰፊው በጋሽ ተካ ቤት መሀል ያለችው ጠባብ የመተላለፊያ ስርጥ። የቀበሌ ቤት ማስፋት ክልክል ነው፤ ግድግዳ መምረግን ግን የሚከለክል የለም። ስለዚህ እማዬ በየዓመቱ ክረምቱ ሲወጣ፣ የበሰበሰ እንጨት ልትቀይር ብላ አዲሱን ቋሚ ከአሮጌው በስተውጭ ታስተክላለች፣ አሮጌውን ከውስጥ ታስነቅላለች፣ በላዩም በጭድ የተቦካ ጭቃ ሁለት ጣት ታለብሰዋለች። ጋሽ ተካም ከወዲያ በኩል እንደዚሁ። እማዬ «እሳቸው ሲገፉ እጄን አጣጥፌ ልይ?» ትላለች። እሳቸውም ስለሷ እንዲሁ ይሉ ነበር አሉ።

እኔም ጭቃውን የምረግጠው በሙሉ ልቤ ነበር። ያኔ የምተኛው እማዬ እግር ስር፣ መሬት ላይ በተዘረጋ ፍራሽ ነው፤ ክረምት ክረምት እርጥበቱ ጎኔን ይበላኛል። «ቤቱ ትንሽ ሰፋ ሲል አልጋ ይገባልሻል» ብላ ቃል ገብታልኝ ነበር።

እማማ ሽታዬ ድሮ በዚያች ስርጥ ቅርጫታቸውን በክንዳቸው አንጠልጥለው ቀጥ ብለው ይሄዱ ነበር። ኋላ በጎን መሄድ ጀመሩ። የባሕሩን ተረት ከሰማን በኋላ በመጣው መስከረም፣ ምርጊቱ መሀል ላይ ሳለን ደጃቸው ላይ ብቅ አሉና እማዬን «ልጄ፣ በልደታ ይሁንብሽ፣ ሁለት ጣት ብቻ ተዪልኝ» አሏት።

«እማማ፣ እኔ የራሴን ግድግዳ ነው የመረግኩት። ለጋሽ ተካ ይንገሯቸው።»

ጋሽ ተካ ደግሞ ከስፌት መኪናቸው ቀና ሳይሉ «ለሷ ይንገሯት» አሉ።

እማማ ሽታዬ ወደ ክፍላቸው ተመልሰው ገቡ። አረንጓዴ የላስቲክ ጫማቸው ደጃፉ ላይ ነበር፤ ሌላ ጫማ አልነበራቸውም። ከልጆቹ አንዱ «የባሕሯ ጫማ!» አለ። ሁሉም ወደኔ አዩ፤ ጭቃው በእጄ ነበር። የቀኙን አንስቼ እርጥቡ ግድግዳ ውስጥ ጠቀጠቅኩት፣ በላዩ ሁለት ጣት ጭቃ ለጠፍኩበት፣ በመዳፌም አለሰለስኩት። ልጆቹ ሆዳቸውን ይዘው ሳቁ። እንዴት እንደኮራሁ!

በማግስቱ ጠዋት በጉልበታቸው ተንበርክከው ደጃፋቸውን ሲዳብሱ አገኘኋቸው።

«ልጄ፣ ጫማዬን አላየሽም?»

«አላየሁም እማማ» አልኩ፣ ዓይን ዓይናቸውን እያየሁ።

«ይሁን። እግዜር ያሳድግሽ» አሉኝ። በግራ እግራቸው ጫማ አጥልቀው፣ ቀኙን በጨርቅ ጠቅልለው ጧፋቸውን ሊሸጡ ሄዱ።

በሚቀጥለው ዓመት ምርጊት ስርጧ ሰው አላሳልፍ አለች። አንድ ቀን እማማ ሽታዬ መሀሏ ላይ ተቀርቅረው ቀሩ። ጋሽ ይመር ክንዳቸውን ጎትተው አወጧቸው፤ ጧፉ ሁሉ ተሰባብሮ ጭቃ ላይ ፈሰሰ። የሳቅነው ልጆች ብቻ አልነበርንም። በዚያው ሳምንት ጨርቃቸውን በፌስታል ቋጥረው፣ ልደታ ማርያም አጥር ስር ከሚያድሩት ነዳያን ጋር ተቀላቀሉ። ማንም አይሂዱ አላላቸውም። እማዬም «ለሳቸውም ይሻላል፣ ለቤተ ክርስቲያኑ ቀረቡ» አለች። የሚቀጥለው ክረምት ሳይወጣ ማረፋቸውን ሰማን።

የኔ አልጋ ገባ። ሁለቱ ግድግዳዎች ተገናኙ፤ እማዬና ጋሽ ተካ በባዶዋ ክፍል ይገባኛል ሲጣሉ፣ ቀበሌ ሲካሰሱ ዓመታት አለፉ። በመጨረሻ ሰፈሩ ለልማት ይፈርሳል ተባለና ሁለቱም ባዶ እጃቸውን ቀሩ።

ቤታችን የፈረሰ ቀን እኔ ትልቅ ሰው ሆኜ ነበር። ጋሽ ይመር ከዘራቸውን ተደግፈው ቆመው ያያሉ። ግድግዳው ሲወድቅ አንድ ትልቅ ጓል እግራችን ስር ተሰነጠቀና አረንጓዴ የላስቲክ ጫማ ወጣ። ቀለሙ እንኳ አልለቀቀም።

«የማን ጫማ ነው ደግሞ ይኼ?» አለች እማዬ።

ጋሽ ይመር በከዘራቸው ገለበጡት። «ቀንድ አውጣው ነዋ» አሉ፣ እኔን እያዩ። ያኔ አይተውኝ እንደሆነ አልጠየቅኳቸውም፤ አይተው ዝም ብለው ከሆነም ልሰማው አልፈልግም ነበር። እማዬ ጫማውን በእግሯ ገፋ አድርጋ ወደ ፍርስራሹ መለሰችው።

አሁን በቴሌቪዥን በረዶ የለበሰ ተራራ ሲያሳዩ ሰው ቁመቱን ያደንቃል። እኔ የሚታወሰኝ «አላየሁም» ማለቴና እማማ ሽታዬ መልሰው እኔን መመረቃቸው ነው። ያቺ አልጋ መልካም አልጋ ነበረች። አንድም ቀን እንቅልፍ ነስታኝ አታውቅም፤ ዛሬ እንቅልፍ የሚነሳኝ ይኼው አለመንሳቷ ነው።