አራተኛው የስልክ እንጨት

የእርሳስ ሽታ እስከ ዛሬ ሆዴን ያባባዋል። ትናንት የልጅ ልጄ እርሳሷን ቀርጻ የፊዚክስ ግራፍ ስትሠራ፣ ሽታው ይዞኝ ቡታጅራ ገባ።

በጃንሆይ ዘመን ነው፤ ስምንተኛ ክፍል ነበርኩ። ከጎጃም የመጣው የሳይንስ አስተማሪያችን ግራፍ ሲያስተምረን አልገባንም። መስመሩ ወደ ላይ ሲወጣ ዳገት፣ ጋደም ሲል ሜዳ ይመስለን ነበር። መንገድ ስንረግጥ ያደግን የመስቃን ልጆች፣ ሌላ ምን ይምሰለን! ሰውዬው ሳቀና የእጅ ሰዓቱን ፈትቶ ሰጠኝ።

«አውቶቡስ ሲነሳ፣ በየአሥር ሰከንዱ ስንት የስልክ እንጨት እንዳለፈ ጽፈሽ አምጪ።»

በማግስቱ ደግሞ እናቴ ለሕክምና አዲስ አበባ የምትሄድበት ቀን ነበር። አብራት የምትሄደው አክስቴ ደግፋ አውቶቡሱ ላይ አወጣቻት። እናቴ ከመውጣቷ በፊት ጉንጬን ሳመችኝ፤ እኔ ግን ዓይኔ ሰዓቱ ላይ ነበር። ሰዓት በማሰሬ የተሰማኝ ኩራት፣ አይጣል ነው።

አውቶቡሱ እያጓራ ተነሳ። መጀመሪያ ቀስ አለ፣ ከዚያ እየፈጠነ ሄደ። የናፍጣው ሽታና አቧራው አፍንጫዬን ሞላው። አራተኛው እንጨት ጋ ሲደርስ ቆመ። አሥር ሰከንድ፣ ሃያ፣ አርባ። ተሳፋሪ የሚጭን መስሎኝ፣ የቤት ሥራዬን አበላሸብኝ ብዬ ተናደድኩ። ከዚያ ሄደ።

አስተማሪው ግራፌን ሲያርም ጣቱን ጋደም ያለው መስመር ላይ አሳረፈ።

«ይሄስ?»

«ሜዳው ነዋ፣ ጋሼ።»

«አይደለም። ጊዜው ሄዷል፣ መኪናው ግን አልሄደም። ለምን ቆመ?»

አላውቅም አልኩት። ቢሆንም አሥር ከአሥር ሰጠኝ።

በሦስተኛው ሳምንት አክስቴ ብቻዋን ተመለሰች። ልቅሶው ጋብ ሲል አጠገቧ አስቀመጠችኝ።

«እናትሽ ናት ያስቆመችው» አለችኝ። «‹ልጄ ቀና ብላ አላየችኝም፣ አንዴ ትየኝ› ብላ ሾፌሩን ለመነችው። በመስኮት እጇን አውጥታ ስታውለበልብ፣ አንቺ አቀርቅረሽ ትጽፊያለሽ።»

ግራፍ የገባኝ ያን ቀን ነው፤ ምነው ባልገባኝ።

ትናንት የልጅ ልጄ ወረቀቷን አስጠግታ «እማማ፣ ይሄ ጋደም ያለው ምንድን ነው?» አለችኝ።

«ቆማ እየጠበቀች ነው» አልኳት።

«ማን?»

ምን ብዬ ልንገራት? በአንዱ እንጨትና በሌላው መካከል ሃምሳ እርምጃ ነበር። አራት እንጨት፣ አርባ ሰከንድ። ዕድሜዬን ሙሉ አስልቼዋለሁ። ያን ጊዜ እግሬ ቀላል ነበር፤ ብሮጥ እደርስባት ነበር።