በቀይ ቀለም የተጻፈ ስም

ልጅ ሳለሁ፣ አንኮበር ላይ ጉሙ ከቆላው ተነሥቶ ቤታችንን ሲውጠው፣ ሰው ሁሉ በጊዜ ወደ እሳት ዳር ይሰበሰብ ነበር። የእኛ ቤት እሳት ዳር የአባባ ተክሌ ነበር። አባባ ተክሌ የአባቴ አጎት፣ ቄስና ቁም ጸሐፊ ነበሩ። ቀን ቀን ደጃፍ ላይ ተቀምጠው ብራና ላይ ሲጽፉ ይውሉና፣ ብርሃን ሲደክም ብዕራቸውን ጠርገው ይገባሉ። ያኔ እናቴ የጥድ ፍልጥ ትጨምርና፣ ጭሱ ዓይናችንን እያስለቀሰን ተረት ይጀመራል።

የእሳቸው ተረት የጦጣና የቀበሮ አልነበረም። ከሁሉ የምወደው የተራራዋን ጋቢ ነበር። ተራራዋ አገሯ ብርድ ስለሆነ፣ ፈጣሪ ከጥድና ከወይራ የተሠራ ወፍራም ጋቢ አልብሷት ነበር አሉ። አንዱ መጣና «እመቤቴ፣ ለቤቴ ምሰሶ አንድ ክር ምዘዢልኝ» አላት፤ መዘዘችለት። ሌላው ለአጥር፣ ሌላው ለድግስ ማገዶ ለመናት። ደግ ናትና ለሁሉም ስትመዝ ኖራ፣ አንድ ክረምት ዝናቡ ራቁቷን አገኛት። አለቀሰች፤ እንባዋም የሁሉንም ገብስ ከነአፈሩ ጠርጎ ቆላ ወረደ። አባባ እዚህ ላይ ሲደርሱ የሚነደውን ጥድ ያያሉ። እናቴ ይኸ ነገር ያናድዳት ነበር።

«እንግዲህ በብርድ እንሙት?» ትላቸዋለች።

«እኔ ተረት አወራሁ እንጂ ማን ሙቺ አለሽ» ይሉና፣ እየሳቁ እሳቱን ቀረብ ብለው ይሞቃሉ።

ያኔ ከተማው ሰው በዝቶበት፣ ከቤታችን በላይ ያለው ደን በየዓመቱ ይሸሽ ነበር። እኛ ልጆች ከተረቱ ጋር አላገናኘነውም፤ ታላላቆቹም አላገናኙትም መሰለኝ። ሰው ማታ ሰምቶ ይስቃል፣ ጧት መጥረቢያውን ይዞ ይወጣል። አባባን ያበሳጫቸው ይኸው ነው። «በቃል ያለ ይረሳል፣ በጽሑፍ ያለ ይወረሳል» አሉና ተረቶቻቸውን በአማርኛ ሊጽፏቸው ተነሡ። አባቴ የደብሩ ቄስ ነበሩና አልወደዱትም። ብራና ለጸሎት ነው፣ ለተረት ፍየል አይታረድም አሉ። አባባም፣ «ፍየሏማ ታርዳ ተበልታለች፤ ቆዳዋ ምን ይሁን?» ብለው መጻፋቸውን ቀጠሉ።

ብራናውን የሚፍቅላቸው አያ ሽፈራው የሚባል፣ ከመንዝ የመጣ ሰው ነበር። ቆዳ ሠራተኛ ስለሆነ ቡዳ ነው እያሉ ይሸሹታል። እናቴ እንኳ፣ እጇ ለማንም የማይሰስት ሴት፣ ለእሱ ጠላ የምትሰጠው ለብቻዋ በተቀመጠች ስባሪ ቅል ነበር። ከደጃፍ ቆሞ ይጠጣና «እግዜር ይስጥልኝ» ብሎ ይሄዳል። በዚያ ዓመት የጎረቤታችን የእትዬ አስካለ ልጅ ታሞ ሰነበተ፤ የአያ ሽፈራው ዓይን በላው ተባለ። ሽማግሎቹ ተቀምጠው፣ ከማኅበሩ ቀን በኋላ ሚስቱንና ልጆቹን ይዞ አገር ይልቀቅ ብለው ፈረዱ። ሰኔ ገብቶ ነበር። በክረምት ሕፃናት ይዞ መንገድ መውጣት ምን እንደሆነ ሁሉም ያውቃል፤ ቢሆንም የተናገረ አልነበረም።

አባባም አልተናገሩም። ተረቱ ቀርቶ፣ ከራት በፊት በጧፍ ብርሃን ይጽፋሉ። አንድ ቀን ከአሊዩ አምባ ገበያ ያስመጡትን ቀይ ቀለም ሲበጠብጡ አየኋቸው። ለሴት ልጅ ምን ያደርግላታል እየተባሉ ፊደል ያስቆጥሩኝ ስለነበር፣ በቀይ የሚጻፈው የአምላክና የቅዱሳን ስም፣ ቢበዛ ደግሞ መጽሐፉን ከፍሎ ያስጻፈው ትልቅ ሰው እንደሆነ አውቅ ነበር። ተረት ውስጥ ቀዩ ለማን ይሆን ብዬ ገረመኝ።

የማኅበሩ ተራ የእኛ ቤት ደረሰ። ዳቦው ተቆርሶ ጠላው ሲቀርብ፣ አባባ መጽሐፏን ለአባቴ ሰጧቸው። አባቴ በማኅበርተኛው ፊት እምቢ ማለት አፈሩና ማንበብ ጀመሩ። የተራራዋን አነበቡ። ቀጥለው «ይህን መጽሐፍ ብቻዬን ሠራሁት» እያለ የሚኩራራውን ጸሐፊ አነበቡ፤ ሸምበቆው ብዕሩን፣ በሬው የቀለም ቀንዱን፣ ፍየሏ ቆዳዋን መልሰው ወስደውበት፣ ጣቱን ባዶ ሜዳ ላይ ሲያንቀሳቅስ ይቀራል። ሰው በሳቅ ፈረሰ። መጨረሻ ላይ እንደ ወጉ ምርቃት ነበር፤ «የጻፈውን፣ ያነበበውን፣ የሰማውንም ይባርክ፤ ገብረ ኪሮስንም ከነሚስቱ ከነልጆቹ በቤቱ ያጽናልን።» ቤቱ ሙሉ አሜን አለ።

እትዬ አስካለ አንገቷን ሰገግ አድርጋ አየች። «በቀይ ተጽፎላቸዋል፤ ከበርቴ መሆን አለባቸው። ለመሆኑ ገብረ ኪሮስ ማናቸው?»

«ሽፈራው ነው» አሉ አባባ። «የክርስትና ስሙን እኔ ንስሐ አባቱ ነኝና አውቀዋለሁ። እናንተ ጠይቃችሁት አታውቁም።»

አንዱ ሽማግሌ ብራና የሚታረምበትን ቢላ ከመደቡ አንሥተው «ቄስ፣ ይፋቅ» ብለው ለአባቴ ሰጧቸው። አባቴ ተቀበሉ። የሰው ፊት የሚፈሩ ሰው ነበሩ፤ እየወደድኳቸውም አውቀዋለሁ፤ ስለዚህ ይፍቁታል ብዬ ፈራሁ። ቢላውን ገልበጥ አድርገው ስለቱን አዩ።

«አሜን ብላችኋል» አሉ በመጨረሻ። «እኔም ብያለሁ። ቀለሙንስ እፍቀዋለሁ፤ አሜኑን በምን ልፋቀው?»

አያ ሽፈራውን ይቅርታ የጠየቀው ማንም የለም። ሂድ የሚለውም ግን አልተገኘምና ክረምቱን እዚያው ከረመ። የእትዬ አስካለ ልጅ ሲድን እንኳ ቡዳው ለቀቀው ነው የተባለው። ደኑንም ቢሆን፣ ተረቱን ሰምተው የሳቁት ሰዎች እያየሁ ጨረሱት። መጽሐፍ ሁሉን ያድናል የሚለኝን ሰው ስሰማ ስለዚህ ዝም እላለሁ።

ከእኔ ጋር የቀረው ሌላ ነው። ከማኅበሩ ማግስት አያ ሽፈራው መጣ፤ አባባ ደጃፍ ላይ መጽሐፏን ገልጠው አሳዩት። ማንበብ አይችልም። ጣቱን ልብሱ ላይ ጠራርጎ፣ ቀዩን ጽሑፍ ሳይነካው፣ ከላይ ከላይ ተከተለው።

«ቀዩ እኔ ነኝ?»

«አንተ ነህ።»

ጣቱን ሰበሰበ። «አባቴ፣ ቀዩ ይበዛብኛል» አለ። «በጥቁር ያድርጉልኝ።»

አባባ አለቀሱ። ያኔ ጠላቶቹ እሱን ከደጃፍ ያቆሙት ሰዎች ብቻ ይመስሉኝ ነበር። ሽማግሎቹን አንድ አሜን ያዛቸው፤ እነሱ እሱ ልብ ውስጥ ያስገቡትን ንቀት ግን ማን እንደሚያወጣው እስከ ዛሬ አላውቅም። ስሙ እንደ ቀላ ቀረ፤ አባባ በዚህ ብቻ እምቢ አሉት።