ከገደሉ ሥር የወጣ ዓሣ

ሱሉልታ ሳለን ለእንቁጣጣሽ ቤታችንን የምንቀባው ከወንዙ ገደል ሥር በምንቆፍረው ነጭ አፈር ነበር። አዛውንቶች «አገሩ ድሮ ሐይቅ ነበር» ሲሉ አላምንም ነበር።

አንድ ክረምት ልጄና ጎረቤቴ ገደሉ ሥር ገብተው ሲቆፍሩ፣ እኔ ውጭ ሆኜ ቅርጫት እሞላለሁ። አፈሩ እንደ ቅጠል ተደራርቦ ይላጣል። ልጄ የዓሣ አጥንት የታተመበት ቁራጭ ይዛ ወደ እኔ ሮጠች።

«እማዬ፣ ዓሣ!»

ጎረቤቴ ልታይ ተከትላት ወጣች። «ያ ዋቃ! አምላኬ! በፍልሰታ ጾም ዓሣ? መልሺው!» ብላ ሳቀች።

ሳቋ ሳያበቃ ገደሉ ተናደ፤ መቆፈሪያቸው እዚያው ተቀበረ።

መድኃኔዓለም ይመስገን፣ ሁለቱም አጠገቤ ነበሩ። ግድግዳችን ያን ዓመት ሳይቀባ ቀረ። ልጄ ግን «ሌላም ዓሣ ይኖራል» ትላለች። በወንዙ ባለፍን ቁጥር እጇን አጥብቄ እይዛለሁ።