ተቀባይ ያጣ ዜማ

አባቴ ጨፋ ሮቢት አካባቢ የታወቀ መንዙማ አውጪ ነበር። እሱ ያወጣል፣ ሐድራው ላይ ለጸሎትና ለውዳሴ የተቀመጠው ሰው ይቀበላል፤ ከተቀባዮቹ ሁሉ ቀድሞ የሚሰማው የእኔ ድምፅ ነበር። ከሚሴ አንድ ሻይ ቤት በካሴት ሳክስፎን እስክሰማ ድረስ ከዚያ የተሻለ ዜማ ያለ አይመስለኝም ነበር። ሻዩ ሳልጠጣው ቀዘቀዘ፣ ልቤም ሸፈተ።

«ጃዝ ልማር ነው» ስለው አባቴ አልተቆጣም። ቢቆጣ ይሻለኝ ነበር። «ተቀባይ ሳይኖር አንድ ሰው ብቻውን የሚያንጎራጉረው፣ እሱ ምን ዜማ ነው?» አለና ዱዓ አድርጎ ሳይመርቀኝ ወደ በሬዎቹ ሄደ። ያለ አባት ዱዓ መንገድ መጀመር በእኛ አገር ቀላል ነገር አይደለም።

አዲስ አበባ ሳክስፎን ተማርኩ፣ ከባንድ ጋር መጫወት ጀመርኩ። አባቴ ከሞተ በኋላ ግን አንድ ነገር ያዘኝ። ተራዬ ደርሶ ብቻዬን ስጫወት ከጀርባዬ ትንፋሹን እሰማለሁ፤ ሊያወጣ ሲል የሚስበውን ያንን ረጅም ትንፋሽ። ትንፋሹ ይሳባል፣ ዜማው ግን አይወጣም። ጣቶቼ ይደርቃሉ። የባንዱ ልጆች «ምን ትጠብቃለህ?» ይሉኛል። እውነቱን ለመናገር ፈርቼ ነበር።

ስለዚህ ለመውሊድ አገሬ ገባሁና መንዙማውን በአባቴ ቦታ እንዳወጣ የሐድራውን ሸኽ ለመንኳቸው። ሐድራው ከተቀበለኝ አባቴም ይቅር ብሎኛል ማለት ነው ብዬ ለራሴ ወስኜ ነበር።

ጅማሬው አማረልኝ። ተቀበሉኝ። ደስ ሲለኝ ሳላስበው ዜማውን እንደ ከተማው ጃዝ ሰበር፣ ዘርዘር አደረግኩት። ድቤው ቆመ፣ ሰዉም ዝም አለ። ባንድ ውስጥ ሌሎቹ ዝም ሲሉ «መድረኩ ያንተ ነው» ማለታቸው ነው፤ ስለዚህ ዓይኔን ጨፍኜ ቀጠልኩ። በሐድራ ግን ዝምታ «አንቀበልም» ማለት መሆኑ ትዝ ያለኝ ዓይኔን ስገልጥ ነው። ሁሉም አቀርቅረዋል። አለቀልኝ አልኩ።

ሸኹ ጉልበቴን ያዝ አደረጉኝ።

«ያ ኢልማ ኮ፣ ልጄ፣ አትደንግጥ። አባትህም፣ አላህ ይዘንለትና፣ አንተ የሄድህ ሰሞን ዜማውን ልክ እንዲህ አርጎ ሰበረብን። ወላሂ፣ ምን እንደነካው አላወቅንም። ዝም ብንለው እንኳ እምቢ ብሎ እየደጋገመ ያወጣ ነበር፣ ፊቱን አንተ ወደሄድህበት መንገድ አዙሮ።»

እኔ ያን ሰሞን አዲስ አበባ ነበርኩ። ማን ይቀበለው?