ዱቼ ያለው ማነው

የታሰርኩት በአንድ የላቲን ቃል ነው። ሳስበው ዛሬም ደሜ ይፈላል።

ክልሉ ገና መቋቋሙ ነበር። ጋምቤላ ከተማ የማታ ተማሪዎችን ታሪክ አስተምራለሁ። አንድ ቀን "ዱክስ" በላቲን መሪ፣ ከጦሩ ፊት ቀድሞ የሚሄድ ማለት እንደሆነ አስረዳሁ። እንግሊዞች መስፍናቸውን "ዱክ" የሚሉት፣ የፋሺስት ጣሊያን መሪም "ዱቼ" የተባለው ከዚሁ ቃል ነው አልኩ። ከኋላ የተቀመጠች አንዲት ነርስ "የእኛስ ዱቼ?" ብላ ጠየቀች። ክፍሉ በሳቅ አውካካ። አገጩን ሰቅሎ የሚሄደውን አዲስ ሹም ከተማው በዚያ ስም ነበር የሚያማው። በማግስቱ ከትምህርት ቤቱ በር ላይ ወሰዱኝ።

ያስገቡኝ የቆርቆሮ መጋዘን ውስጥ ነው። ቀትር ላይ ጣሪያው ይንጣጣል፤ ላብና ደረቅ ዓሣ ይሸታል። ባሮ ወንዝ እዚያው አጠገባችን እየፈሰሰ፣ እኛ ለአንድ ጣሳ ውሃ ዘበኛ እንለማመጣለን።

ካቦ፣ የእስረኞች አለቃ፣ አድርገን የመረጥናቸው አንድ አኙዋ ሽማግሌ ነበሩ፤ የመንደር አለቃ። የታሰሩት መንደራቸው ለሹሙ ስብሰባ አልወጣም ተብሎ ነው። የበቆሎ ገንፎው ሲገባ ለሁላችን ያካፍሉና የራሳቸውን መጨረሻ ያነሳሉ። አንዳንዴ የሚደርሳቸው የድስቱ ፍቅፋቂ ነው። ለምን እንደሆነ ጠየቅኋቸው።

"እኛ አገር አለቃ ሰው ያበላል፣ ቲቸር" አሉኝ። "ብቻውን ከበላ፣ ሰው ይነሳበታል። ከመንደር ያባርረዋል።"

"ሲሾም ያልበላ ሲሻር ይቆጨዋል" ከሚባልበት አገር ነው እኔ የመጣሁት።

አንድ ቀን በምሳ ሰዓት ሹሙ ራሱ መጣ። ተነሱ ተባልን፤ ተነሳን። ዱቼ ያለኝን ሰው ስም ንገረኝና አሁኑኑ ቤትህ ግባ አለኝ። ባለቤቴ ወሯ ገብቶ ነበር። ነርሷን ብጠራ ግን እሷ በእኔ ቦታ ልትገባ ነው።

ሽማግሌው አልተነሱም። ገንፎውን እያካፈሉ ነበር። የመጀመሪያውን ድርሻ በሳህን አድርገው ለሹሙ ዘረጉለት።

"እንግዳ ነህ፤ ብላ" አሉት።

ሹሙ ሳህኑን አየ፤ እኛን አየ። አልተቀበለም። የሽማግሌው እጅ እንደተዘረጋ ቆየ። ያን ጊዜ ፍርሃቴ በንዴት ተዋጠ።

"ቃሉን ያስተማርኩት እኔ ነኝ" አልኩ። "የምሰጠው ሌላ ስም የለኝም።"

በሩን ጠርቅሞት ወጣ። እኔም ተቀምጬ፣ ሁሉም እስኪያነሳ ጠብቄ፣ ከሽማግሌው ጋር ፍቅፋቂውን በላሁ።

የተፈታሁት ክረምቱ ካለፈ በኋላ ነው። ልጄን ያዋለደቻት ያቺው ነርስ ሆና አገኘኋት። ሹሙ ተሽሮ ሄዷል፤ ያ ሁሉ ግፉ ግን አንድ ቀን እንኳ አልተጠየቀበትም። ይህ እስካሁን ያንገበግበኛል።

ልጄ ዛሬ የራሷ ቤት አላት። ስትጋብዘኝ ሁሉም እስኪያነሳ ስጠብቅ ታያለች።

"አባዬ፣ ለምንድነው ሁልጊዜ መጨረሻ የምታነሳው?" ትለኛለች።

"አንድ አለቃ ነበረኝ" እላታለሁ።