ባሌ እንስራ ያዘለበት ቀን

ባሌ ባሕር ዛፎቹን ከእኔ አብልጦ ይወድ ነበር ብል ማጋነን አይደለም። በጃንሆይ ጊዜ ነው፤ ሱሉልታ ውስጥ የመንግሥት ጸሐፊ ነበር። ከቢሮ ሲመለስ እኔን እንዴት ዋልሽ ሳይል በቀጥታ ወደ እነሱ ይሄዳል። ግንዱን መታ መታ እያደረገ «አይ ቁመና!» ይላል። ለእኔ ቁመና አንድ ቀን ቃል ተንፍሶ አያውቅም። ለነገሩ ያኔ እርጉዝ ነበርኩ፤ ሆዴ ገፍቶ ምን ቁመና አለኝ።

ዛፎቹን የተከላቸው ሰፈሩ ሁሉ ከሚቀዳበት ምንጭ አፍ ላይ ነው። ቶሎ ይደጉልኝ ብሎ! ተው ቢሉት አልሰማ አለ። ዛፎቹ አደጉ፣ ምንጩ ደረቀ። ከዚያ ወዲያ እንስራ አዝሎ እስከ ወንዙ መውረድ የእኛ የሴቶቹ ዕዳ ሆነ። ዳገቱን ስወጣ ባሌንም ዛፉንም እረግም ነበር፤ ባሌን አስቀድሜ።

በመጨረሻ ሴቶቹ ተሰብስበን ለሽማግሌ አቤት አልን። ሽማግሌዎቹም መጥተው የት ቢቀመጡ ጥሩ ነው? እዚያው ባሕር ዛፉ ጥላ ሥር! ባሌ ልቡ ሞላ።

«እቆርጠዋለሁ፤ ምን ችግር አለው» አለ።

ሰፈሩ በአክብሮት «ኦቦ» የሚላቸው አዛውንት ሳቁበት። «ስማ ልጄ፣ ባሕር ዛፍ ሲቆረጥ ያቆጠቁጣል። አንዱን ቆርጠህ አራት ልታበቅል ነው። ከነሥሩ ንቀለው።»

«ኧረ ኦቦ፣ ከነሥሩ ከነቀልኩት ምን ቀረኝ? እንዲህስ አይፍረዱብኝ።»

«ጋሪዳ» አሉ ኦቦ ተረጋግተው፤ በኦሮምኛ መልካም ማለታቸው ነው። «ውኃውን የጠጣው ያንተ ዛፍ ነው። እንግዲያው ለቤትህ ውኃ የምትቀዳው አንተ ነህ።»

ወንድ እንስራ ሊያዝል! ጎንደርን ተዉትና፣ ጉድ በል ሱሉልታ! ባሌ ቀልድ መስሎት ሳቀ፤ ሌላ የሳቀ ሰው ግን የለም። የሽማግሌ ፍርድ ያፈረሰ ደግሞ ቢሞት ቀባሪ የለውም።

በማግስቱ ጠዋት ከነኮቱ፣ ከነክራቫቱ እንስራዬን አዘለ። መንገድ ዳር የተሰለፈውን ሰው ብታዩ የጃንሆይ መኪና የሚያልፍ ይመስላል። ልጃገረዶቹ እልል አሉለት። እኔም ደጃፌ ላይ ተቀምጬ ሆዴን ይዤ ሳቅሁ። እግዜር ይቅር ይበለኝ፣ እንደዚያ ቀን ደስ ብሎኝ አያውቅም።

ሲመለስ ጀርባው በውኃ ርሷል፣ ፊቱ በርበሬ መስሏል። እንስራውን አውርዶ መሬት ላይ ዘፍ አለ። ስድብ ጠበቅሁ። እሱ ግን ሆዴን አየ፣ እንስራውን አየ።

«በዚህ ሆድሽ ይሄን አዝለሽ ነው ያን ዳገት የምትወጪው?»

«የለም» አልኩት፤ «ዛፎችህ ያግዙኝ ነበር።»

ተነሥቶ ከጎረቤት መጥረቢያና ዶማ ተዋሰና ወደ ምንጩ ወረደ፤ ቢሮም አልገባ። ከሰዓት በኋላ፣ ያመጣውን ውኃ በጣሳ ቀድቼ ወሰድኩለት። ቀና ብሎ ሳያየኝ ጠጣ። ጣሳውን ሲመልስልኝ መዳፉ ተልጦ አየሁት። አንጀቴን በላው። ቢሆንም ዶማውን ተወው አላልኩትም።